የስንብት ሰባት ሜትር

አፍንጫዬ ለምን እንደተጣመመ የሚጠይቀኝ ሰው ብዙ ነው። የገዳሪፍ ሰው ደግሞ ሲጠይቅ አያፍርም። ባል ነው ብለው የሚገምቱ አሉ፤ እኔን የሚመታ ባል ገና አልተወለደም ስላቸው ይስቃሉ። አፍንጫዬን ያጣመመችው ኳስ ናት። በረኛ ነበርሁ፤ የእጅ ኳስ በረኛ። ጨዋታውን የማያውቅ ሰው ካለ ባጭሩ ልንገረው። ሰባት ለሰባት ሆነው በእጅ የሚጫወቱት ነው። በረኛዋ ከቅርብ ርቀት በሙሉ ጉልበት የሚወረወርባትን ኳስ በእጇ ትመልሳለች፣ በእግሯ ትመልሳለች፣ ሁለቱም ካልደረሱላት በፊቷ ትመልሳለች። ጤነኛ ሰው የሚመርጠው ሥራ አይደለም።

አሁንም በረኛ ነኝ ብል ሰው ይስቅብኛል። ቡድን የለኝም፣ ሜዳ የለኝም፣ ጉልበቴም ስነሳ ሲጥጥ ይላል። ግን አንዲት ግራኝ ልጅ እየጠበቅሁ ነው፤ እሷ ሳትመጣ ከዚህ ከተማ ንቅንቅ አልልም። እህቴ ከጎንደር እየደወለች "ምን አስቀረሽ እዚያ እሳት ውስጥ?" ትለኛለች። በአፌ ልነግራት ስጀምር ሳልጨርስ አለቅሳለሁ፤ ስለዚህ ልጻፈው ብዬ ነው።

ክለባችን የተጀመረው በቀልድ ነው። በእኛ አገር፣ በቆላው በኩል፣ አንድ ፋብሪካ ነበር፤ ስሙን አልጠራውም፣ ንዴቴ ይበቃዋል። አለቆቹ የሴቶች እግር ኳስ ቡድን እንዲያቋቁሙ ከበላይ ተነገራቸው። አሥራ አንድ ሴት ግን ከየት ይምጣ? ግማሾቻችን አራስና ነፍሰ ጡር፣ ግማሾቻችን "እግርሽን አንስተሽ ስትራገጪ እንዳላይ" የተባልን ነበርን። የስፖርት ኃላፊው ቆጠረን፤ ደግሞ ቆጠረን፤ "ሰባት ናችሁ፤ እንግዲያው እጅ ኳስ ይሁን" አለ። የክለባችን ልደት ይኸው ነው። ኬክ የለ፣ ጭብጨባ የለ።

ቀስ በቀስ ግን ነገሩ እውነት ሆነ። አሰልጣኝ መጣልን፣ ማሊያ ተሰፋልን፣ በውል ተቀጠርንና የወር ደመወዝ ይከፈለን ጀመር። አባቴ ይህን ሊያምን አልቻለም። "ምን ሠርተሽ ነው የሚከፍሉሽ?" ይለኛል። "ኳስ ይዤ" እለዋለሁ። "እንዲህ ዋጋ ካላት ለምን ከያዝሻት በኋላ ይዘሻት አትመጪም ታዲያ?" ይለኛል። ቢሆንም ጎረቤት ፊት ሲሆን "ልጄ ሙያተኛ ናት" እያለ ሲኮራ ሰምቼዋለሁ። በሕይወቴ ሰው የሆንሁት ያኔ ይመስለኛል።

ካፒቴናችን ከእኔ ጥቂት የምትበልጥ፣ ድምፅዋ ከፋብሪካው ጡሩምባ የማይተናነስ ሴት ናት። ደንቡን ያወጣችው እሷ ነች። ከመሀላችን አንዷ ባል አግኝታ ልትለየን የመጨረሻ ልምምዷን ጨርሳ ስትወጣ፣ ካፒቴኗ ሄዳ በሩ ላይ ተገተረች። "እንዲህ ዝም ብሎ እብስ ማለት የለም። ሰባት ሜትር ላይ ቁሚና ወርውሪ። ጎል ከሆነ መንገድሽ የቀና ይሁን። ከተያዘ ወይም ከወጣ ግን እስከሚቀጥለው ልምምድ ከእኛ ጋር ነሽ" አለቻት። ሰባት ሜትር የሚባለው በእኛ ጨዋታ የቅጣት ውርወራ ነው፤ ሌላው ሰው ሁሉ ዘወር ይላል፣ በረኛዋና ወርዋሪዋ ብቻ ይፋጠጣሉ።

ሙሽራዋ ወረወረች፤ ያዝሁባት። ልጅቱ አለቀሰች። ቤቷ ሽማግሌዎች ተቀምጠው ይጠብቋታል። "በሞቴ፣ ልቀቂላት" አሉኝ ሌሎቹ። ምን ሲደረግ! በረኛ ሆኜ አውቄ ያስገባሁት ጎል የለም፤ ለሙሽራም ቢሆን። በማግስቱ ተመልሳ ወረወረች፣ ገባላት፣ እየሳቀች ሄደች። ከዚያ ወዲህ ደንብ ሆኖ ቀረ። ወደ ዐረብ አገር የምትሄደውም፣ ልትወልድ የምትቀረውም፣ የሰለቻትም፣ ሰባት ሜትር ሳትወረውር አትለየንም። ሲያዩት ቀልድ ይመስላል። እኛ ግን በአፋችን የማንለውን ነገር ሁሉ የምንባባለው በዚያች ውርወራ ነበር።

ክለቡ የተበተነ ዕለት ግን ማንም አልወረወረም። ጠዋት ለልምምድ ስንመጣ የዕቃ ቤቱ በር ላይ አዲስ ቁልፍ ተንጠልጥሏል። በጀት የለም ተባለ፤ በቃ። ኳሶቹም ማሊያዎቹም ውስጥ ቀሩ። ቆይቶ ማሊያችንን ለወንዶቹ እግር ኳስ ቡድን አደሉት። የእኔን አንድ ቁጥር ማሊያ አንድ ጢማም ተከላካይ ለብሶት ሲሮጥ ባየሁ ጊዜ ምግብ አስጠላኝ። ሰው እንዴት የሰውን ላብ ለሌላ ሰው ያለብሳል? እስካሁን አልበረደልኝም።

ካፒቴኗ መተማን ተሻግራ ሱዳን፣ ገዳሪፍ ገባች። እኔ አባቴን ሳስታምም ቆየሁ፤ እሱም ሞተ። ከቀብሩ በኋላ ደወለችልኝ።

"ነይ" አለችኝ።

"ምን ልሠራ?"

"ሙጫ ልትለቅሚ።"

"ኳስስ?"

"ኳስም አለ። አንቺ፣ እኛ እኮ አልተሰናበትንም። ማን ወረወረ? ማንም። ያልተሰናበተ ክለብ አልፈረሰም።"

ፀሐይ መታት እንዴ ብዬ ጠረጠርሁ። ሌሊቱን ግን እንቅልፍ አልወሰደኝም፤ ሳምንቱ ሳያልቅ ገላባት ተሻግሬ ነበር።

ገዳሪፍ ላይ የምንሠራው ለሐጂ ነበር። ሐጂ በወጣትነታቸው ከጎንደር መጥተው እዚሁ ያረጁ የሰሊጥና የሙጫ ነጋዴ ናቸው። አማርኛቸው ላይ ዐረብኛ ጣል ጣል ያደርጋሉ፤ ሲቆጡ ግን ንጹሕ የጎንደር ሰው ናቸው። መጋዘናቸው ውስጥ ከግራር የተለቀመውን ሙጫ፣ እዚህ ሰሙግ የሚሉትን፣ ከቅርፊትና ከአሸዋ እየለየን በጆንያ እንሞላለን። ሴቶቹ የየአገሩ ነን፤ ከቆላ ወገራ፣ ከመተማ፣ እዚሁ የተወለዱም አሉ።

ኸሪፍ፣ ማለት ክረምቱ፣ ሊገባ ሲል ሎሪዎቹ የቀረውን ጭነው ወደ ወደቡ ይሄዳሉ፤ መጋዘኑ ባዶውን ይቀራል። ውጭ ደግሞ ጥቁሩ መሬት ዝናብ ሲጠጣ ጫማን ከነእግር ያስቀራል። ደረቅና ሰፊ ወለል ያለው እዚያ መጋዘን ውስጥ ብቻ ነው። ካፒቴኗ ይህን አጥንታለች። "ሐጂ፣ ሥራ ፈትተን ከምንቀመጥ ወለሉን እንጥረግልዎ?" አለቻቸው። "ጥረጉ፣ ማን ከለከላችሁ" አሉ። ጠረግን፤ ጠርገን ስናበቃ በኖራ መስመር አሰመርን፤ በዳርና በዳር በቋሚ እንጨት ጎል ሠራን። ሐጂ መጡ፤ ዙሪያውን ዞረው አዩ።

"ይሄ ምንድን ነው?"

"ሜዳ ነው፣ ሐጂ" አለች ካፒቴኗ፣ ዐይኗን ሳታሽ።

ጢማቸውን ጎተቱ። "የሰው ሴት ልጆች ሲሮጡ ወንድ እንዳያይ በሩን ዝጉ" አሉና ወጡ። ክለቡን ያቆመው ያ የተዘጋ በር ነው። በሩ ባይዘጋ የሙስሊም እናቶች ልጆቻቸውን አይልኩም ነበር፤ የእኛም ሴቶች ሐሜት ፈርተው አይደፍሩም ነበር። ከሁለት ሳምንት በኋላ ሐጂ ራሳቸው ኳስ ገዝተው ላኩ። ቀጥሎ ማሊያ አሰፉ። በኸሪፍ ወራትም ሙጫ ስንለቅም የምናገኘውን ያህል ይከፍሉን ነበር። "ደክማችሁ የለ? ድካም ድካም ነው" አሉ። እንደገና ሙያተኞች ሆንን ማለት ነው፤ በሙጫ መጋዘን።

ዝናቡ የቆርቆሮውን ጣሪያ ሲደበድብ ጆሮ አይሰማም። ካፒቴኗ እንኳ፣ ያን ሁሉ ድምፅ ይዛ፣ በእጅ ምልክት ነበር የምታዝዘን። ወለሉ የሰሊጥ ዘይት የጠጣ ስለሆነ ኳሷ እንደ ሳሙና ታዳልጣለች። ፋብሪካው ዘንድ እያለን ጣታችን ላይ የምንቀባው ማጣበቂያ በቆርቆሮ ይመጣልን ነበር። እዚህ ደግሞ ተራራ በሚያህል ሙጫ መሀል ተቀምጠን ማጣበቂያ አጣን ብለን ስናዝን አንድ ወር አሳለፍን፤ ከዚያ ካፒቴኗ ግንባሯን መታች። ሙጫውን በውኃ እያራስን እንቀባው ጀመር። ኳሷ ግን ወለሉ ላይ የቀረውን ሰሊጥ ሁሉ ትለቅማለች፤ ከልምምድ በኋላ ስትታይ ሱቅ ውስጥ የሚሸጥ የሰሊጥ ከረሜላ ትመስላለች። እኔ በበኩሌ ያን ሙጫ ጠላሁት። ኳሷ ስትመታኝ መምታቷ ሳያንስ ቆዳዬን ይዛ ትላቀቃለች።

ግራኟ የመጣችው በዚያ ጊዜ ነው። እናቷ ከአርማጭሆ ለአረም ሥራ ወደ ቁረይሻ እርሻዎች የመጣች፣ ሲከፋም ሲደላም እዚሁ የቀረች ሴት ነበረች፤ ሙጫ ስንለቅም አጠገቤ ትቀመጥ ነበር። ካላዛር የሚሉት የቆላ በሽታ ያዛት። ትኩሳቱ መጨረሻ ላይ አፏን ስለያዘው ልጄን አደራ አላለችኝም፤ ዐይኗን ብቻ ከልጅቱ ወደ እኔ፣ ከእኔ ወደ ልጅቱ ትመልስ ነበር። ያልተሰጠኝን አደራ ራሴ ወሰድሁት። ልጅቱ ቤቴ ገባች። ጭቅጭቅ የምትወድ፣ ሰሐን ማጠብ የምትጠላ፣ በአማርኛ ጀምራ በዐረብኛ የምትጨርስ ልጅ። እኔን ኻልቲ ትለኛለች፤ አክስቴ ማለቷ ነው።

መጀመሪያ ቀን ካፒቴኗ ኳስ ስትሰጣት በግራዋ ያዘች። "ኻልቲ፣ ኳሷ ተቂላ ናት፣ ከበደችኝ" አለች፤ ብላም ወረወረች። ኳሷን አላየኋትም። ከኋላዬ ግድግዳው ሲጮህ ብቻ ሰማሁ። ካፒቴኗ ዞራ አየችኝ፤ እኔም አየኋት። ሁለታችንም እንዲህ ያለ እጅ ከፋብሪካው ጀምሮ አላየንም ነበር።

አንድ ልማድ ነበራት። ሌሎቻችን ሙጫውን በውኃ ስናርስ እሷ አንዲት እንክብል ምላሷ ሥር ትይዛለች፤ ልትወረውር ስትል ጣቶቿን ላስ ታደርጋለች። እኔ ታዲያ ይህን አየሁ። ስትልስ ውርወራው እየመጣ ነው ማለት ነው፤ ቀድሜ እዘላለሁ፣ ከአሥሩ ስድስቱ ቢገባብኝ አራቱን እይዝባታለሁ። "ኻልቲ ጂኒ አላት" ትላለች። ሚስጥሩን አልነገርኋትም። ኤዲያ፣ ለወርዋሪ ሚስጥር የሚነግር በረኛ የት አለ?

አንድ ኸሪፍ መጨረሻ ላይ ኸሽም ኤል ቂርባ ሄደን እንድንጫወት ተጠራን። ሐጂ ሎሪያቸውን ሰጡን፤ ባዶ ጆንያ ላይ ተቀምጠን ሄድን። የከተማይቱ ልጆች አንድ ቡድን፣ በወድ ኤል ሒለው በኩል የተሰደዱት የትግርኛ ተናጋሪ ልጆች አንድ ቡድን፣ እኛ አንድ ቡድን። የትምህርት ቤት ሜዳ ነው፤ ፀሐዩ ድንጋይ ይፈጫል። የስደተኞቹ ልጆች በጎማ ጫማ ሮጠው አደከሙን። ያዳነችን ግራኟ ናት። አንድ ጊዜ ከቀኝ ጥግ፣ ሌላ ጊዜ ወድቃ ተኝታ፣ ሌላ ጊዜ ዐይኗን ወደ ካፒቴኗ አድርጋ እጇን ወደ ጎል። ያሸነፍናቸው ልጆች ራሳቸው ሲያልቅ መጥተው ግራ እጇን ይነካኩ ነበር።

እዚያ ከካርቱም የመጣች አሰልጣኝ ተቀምጣ ኖሯል። የእውነት ክለብ፣ የእውነት አዳራሽ፣ ማደሪያ፣ ደመወዝ፣ ውል። ልጅቱን እንድትቀላቀላቸው ጠየቀቻት። ልጅቱ ደግሞ ማታ ምስር ሳበስል መጥታ አጠገቤ ቁጭ አለች።

"ኻልቲ፣ ልሂድ?"

ምስሩ አረረ። እውነቱን ልናገር፤ ሁለቱንም ፈለግሁ። ሄዳ እኔ ያጣሁትን ሁሉ እንድታገኝ ፈለግሁ፣ ደግሞ ከዐይኔ እንዳትርቅ ፈለግሁ። ሁለቱ ደረቱ ውስጥ እየተናነቁበት ያደረ ሰው ያውቀዋል። ምስሩን ከእሳቱ አውርጄ "ደንቡን ታውቂያለሽ" አልኋት።

የመጨረሻው ልምምድ ዕለት ሰዉ ሁሉ ዘወር አለ። እሷ መስመሩ ላይ፣ እኔ ጎል ላይ። ሐጂ እንኳ መጥተው በሩ አጠገብ ጀርባቸውን ሰጥተው ቆመዋል፤ ላለማየት። እኔ ልይዝባት ቆርጬ ነበር። ለሙሽራ ያልለቀቅሁ ለልጄ አልለቅም፤ ብትገባም በሐቅ ትግባ፣ ብትያዝም በሐቅ ትያዝ። ጣቶቿን እስክትልስ ጠበቅሁ። አየችኝ። ጠበቅሁ። ጣቷን ሳትልስ ወረወረችው።

ኳሷ በቀኝ ጆሮዬ አጠገብ አልፋ ገባች። በዕድሜዬ እንደዚያ ያለ ጎል አልገባብኝም። ያችን ሚስጥር ያወቅሁባት መሆኔን ለካስ ገና ዱሮ አውቃለች፤ ለዚች ቀን አስቀምጣት ኖሯል። አንገቷን አቅፌ አለቀስሁ፣ እሷም አለቀሰች፣ ኩራቱም ሐዘኑም አንድ ላይ ነበር። "መንገድሽ የቀና ይሁን" አልኋት። ሐጂ አዲስ ቶብ፣ የሱዳን ሴቶች የሚከናነቡትን፣ አልብሰው በአውቶቡስ ላኳት።

ከካርቱም ትደውል ነበር። "ወለሉ ልሙጥ ነው ኻልቲ፣ ሲያበራ ፊቴን አያለሁ። ሙጫ ግን ክልክል ነው፤ ወለል ያበላሻል አሉ" ትለኛለች። "እንግዲህ ምን አደረግሽ?" ስላት "ልሼ ብቻ ነው፣ ከልማድ" ትላለች፤ እንስቃለን። ማሊያ ለብሳ የተነሳችውን ፎቶ ሴቶቹ ሁሉ እየተቀባበሉ አዩት። ዐሥራ ሁለት ቁጥር። እናቷ ብታየው ብዬ አሰብሁ።

ጦርነቱ የጀመረው ቅዳሜ ሹር ዕለት ነው። ሙስሊሞቹ ረመዳንን ሊፈቱ ሳምንት ያህል፣ እኛ ለፋሲካ ልንፈታ አንድ ቀን ሲቀረን። ያን ዓመት ጾሙ ገጥሞ ስለነበር መጋዘኑ ውስጥ ሁላችንም አብረን ስንራብ፣ አብረን እንፈስካለን እየተባባልን ስንቀልድ ነበር የከረምነው። ጠዋት ደወለች። ከድምፅዋ ኋላ የሚንጎደጎድ ነገር አለ። "ኻልቲ አትፍሪ" አለችኝ፤ እኔን! ከዚያ ቀናት ሙሉ ሸበካ፣ ማለት ኔትወርክ፣ የለም፤ ስልኩ ዝም። ፋሲካን እንዴት እንደዋልሁ አላስታውስም።

ከብዙ ጊዜ በኋላ ከመደኒ ከተማ ደወለች። በእግርም በመኪናም ወጥታ፣ ትምህርት ቤት ውስጥ ከተጠለለው ሰው ጋር ነበረች። ካልሲ በጨርቅ ሞልታ፣ ሕፃናቱን እጅ ኳስ እያስተማረች። "ነይ በቃ" አልኋት። "መንገዱ ሲከፈት" አለች፤ ልጆቹን ጥላ መሄዱ ከብዷታል። "በሚመጣው ኸሪፍ መጋዘኑ ባዶ ይሆን የለ? ለልምምድ እደርሳለሁ። አንቺ ብቻ ጎሉ ላይ ቁሚ፣ ኻልቲ።" ድምፅዋን ለመጨረሻ ጊዜ የሰማሁት ያኔ ነው።

ከዚያ መደኒም ተራዋ ደረሰ። ሰዉ እንደ ጎርፍ ወደ ገዳሪፍ ፈሰሰ። ሐጂ የቀረውን ሙጫ ወደ አንድ ጥግ አስቆልለው የመጋዘኑን በር ከፈቱ፤ "ሰው እያለ ሙጫ ምን ያደርጋል" አሉ። በኖራ ባሰመርነው ሜዳ ላይ ቤተሰብ በቤተሰብ ምንጣፍ ዘረጋ። እኔም የኪራይ ቤቴን ትቼ እዚያው ገባሁ፤ ከመደኒ የሚመጣ ሰው መጀመሪያ የሚያርፈው እዚያ ነው። የሚመጣውን ሁሉ እጠይቃለሁ። ግራኝ ልጅ፣ ቀጭን፣ ስትናገር አማርኛ የምትቀላቅል፣ ኳስ የምታስተምር።

አንዲት እናት አወቀቻት። "የልጆቻችን አሰልጣኝ" አለች በዐረብኛ፤ ልጇም ግራ እጁን አነሳ። እኔ መሬቱ ላይ ተቀመጥሁ። ሴትዮዋ ያወቀችውን ሁሉ ነገረችኝ። ተኩሱ የቀረበ ጠዋት ሁሉም በየፊናው ወጣ፤ ልጅቱ ሁለት ሕፃን በእጇ ይዛ በገዳሪፍ መንገድ ከእነሱ ፊት ስትሄድ አይታታለች። ከእነሱ ፊት። እነሱ ደረሱ። ከእነሱ ኋላ የነበሩትም ደረሱ። እሷ አልደረሰችም። ሞታለች የሚል ሰው የለም፣ አየኋትም የሚል የለም። ሰው ሲሞት እርም ይወጣል፣ ድንኳን ይተከላል፣ ጎረቤት ይቀመጥልሃል። እንዲህ ላለው ግን ምን ይደረጋል? አልቅሼ እንዳልጨርስ አልሞተችም፣ ስቄ እንዳልቀበላት አልመጣች።

ኸሪፉ መጣ፤ መጋዘኑ አልጎደለም። ዝናቡ ቆርቆሮውን ደበደበ፤ የሕፃናት ለቅሶ እንጂ የኳስ ድምፅ የለም። ሌላም ኸሪፍ መጣ። ሴቶቹ አንድ በአንድ ተለዩን፤ ከሰላ የሄደች አለች፣ ወደ ወደቡ የሄደች አለች። እያንዳንዷ ስትሄድ ምንጣፎቹ መሀል በተገኘች ክፍተት ቆማ ወረወረችብኝ። የያዝሁባትም ነበረች፤ አድራ፣ ደግማ ወርውራ ሄደች።

በመጨረሻ ካፒቴኗ ቀረች። ልጆች አሏት፤ ልጆቿ ታመሙ፣ ሥራውም ቆመ፣ ለውጭ ሰውም ቁጥጥሩ በዛ። "አገራችን እንግባ" አለችኝ። "አገራችንስ ሰላም ነው?" አልኋት። "አይደለም፤ ግን አፈሩ የእኛ ነው። እዚህ ምን ትጠብቂያለሽ?" አለችና የጠየቀችውን ስታውቅ ከንፈሯን ነከሰች።

የምትሄድ ቀን ከሰዓት ኳሷን ይዛ መጣች። ኳሷ ለስላሳ ሆናለች፣ አሁንም እላይዋ ላይ የተጣበቀ አሮጌ ሰሊጥ አለ። ተፈናቃዮቹ ምንም አልገባቸውም፤ ግን ስትለምናቸው ምንጣፋቸውን ጠቀለሉ። ከሥሩ የኖራው መስመር ደብዝዞ ብቅ አለ። ካፒቴኗ ሰባት ሜትር ላይ ቆመች። ትከሻዋ አርጅቷል። አንጥራ ወረወረችው፤ በእግሬ ልመልስ ዘረጋሁ፣ አልደረስሁበትም፤ ገባ። በሐቅ ገባ።

"አሁን አንቺ" አለችኝ።

እሷ ጎል ውስጥ ገባች፤ እጆቿን ወደ ታች ጥላ፣ ወደ አንድ ቋሚ ተጠግታ ቆመች። ጎሉ ወለል ብሎ ተከፍቷል፤ ዐይኑ የጠፋ ሰው እንኳ አይስተውም። አውቶቡሱ ፀሐይ ሳትጠልቅ፣ ከመግሪብ በፊት ይነሳል። ልጆቿ ዕቃው ላይ ተቀምጠው ያዩናል። ኳሷን ያዝሁ። ከእሷ በላይ የምወደው ሰው በዚህ ከተማ አልቀረልኝም። ከሄደች በአማርኛ የሚቆጣኝ እንኳ አይኖርም። ወረወርሁት።

ኳሷ ከቋሚው በክንድ ያህል ርቃ ግድግዳውን መታችና ወደ አንዲት አሮጊት ምንጣፍ ተንከባለለች።

ካፒቴኗ ሄዳ ኳሷን አነሳች። "አውቀሽ ነው" አለች።

"በረኛ ነኝ እኮ። መወርወር መቼ ተማርሁ?"

"እንደገና ወርውሪ።"

"ደንቡን ማን አወጣው? እስከሚቀጥለው ልምምድ ነው።"

"የሚቀጥለው ልምምድ መቼ ነው?" አለች፤ ድምፅዋ ተሰበረ። ያ ድምፅ ሲሰበር የሰማሁት ያን ቀን ብቻ ነው።

መጥታ የተጣመመ አፍንጫዬን ሳመችኝ፤ ኳሷን እጄ ላይ አስቀመጠች፤ ልጆቿን ይዛ ወጣች። በሕይወቴ አውቄ ያስገባሁት ጎል የለም ብያለሁ፤ እውነት ነው። አውቄ የሳትሁት ግን አንድ አለኝ።

ሰዎቹ ምንጣፋቸውን መልሰው ዘረጉ፤ መስመሩ ተሸፈነ። እኔም ምንጣፌን ቦታዋ ላይ አነጠፍሁ። የምተኛው በሁለቱ ቋሚዎች መሀል ነው፣ ፊቴን ወደ በሩ አድርጌ።